ድኽነትና ትምህርት



በዚህ እትም አንድ ትምህርታዊ ጽሑፍ እንዳቀርብ ስጠየቅ መጀመሪያ ያሰብኩት ስለ ጥናት ዘዴ ለመጻፍ ነበር። ጊዜን ስለ መመደብ፣ ስለ ማስታወሻ አያያዝ፣ ለፈተና ስለ መዘጋጀት ጥቂት ምክር ልሰጥ ወረቀት አዘጋጅቼ ተቀመጥኩ። ነገር ግን ብዕሬን ሳነሣ አንድ የዶርም ጓደኛዬ ትዝ አለኝና አሳቤን ለወጥኩ። ያ ጓደኛዬ የጥናት ዘዴ አልጠፋውም፤ የጠፋው ሌላ ነገር ነበር። ስለዚህ ዛሬ የምንማማረው ድኽነት በተማሪ ላይ በየት በኩል እንደሚገባ፣ ከገባም በኋላ ምን እንደሚያደርግ፣ እኛም በአቅማችን ምን ማድረግ እንደምንችል ይሆናል።

የጓደኛዬ ነገር

በ2015 ዓ.ም. ዩኒቨርሲቲ ስንገባ ስድስት ሆነን በአንድ ክፍል ተመደብን። ከመካከላችን አንዱ ከሩቅ ገጠር የመጣ፣ ዝምተኛና ትሑት ልጅ ነበር። አዲስ ተማሪ ሲጠራ ብርድ ልብስ፣ አንሶላ፣ የትራስ ጨርቅና የስፖርት ልብስ ይዞ እንዲመጣ በማስታወቂያ ይነገረዋል። እርሱ ይዞ የመጣው አንድ ጋቢ ብቻ ነበር። ያች ጋቢ ሌሊት ብርድ ልብሱም አንሶላውም ናት፤ ጠዋት ደግሞ ካፖርቱ ናት።

ይህ ልጅ ክፍል ውስጥ ያንቀላፋ ነበር። መምህሩ ገና ርእሱን ሳይጽፉ ዓይኑ ይከደናል። እኛም «እንቅልፋሙ» የሚል ቅጽል ስም አወጣንለት። ስሙን ካወጡት አንዱ እኔ እንደሆንኩ ዛሬ ሳልሸሽግ እናገራለሁ።

በግቢው ካፍቴሪያ የማይመገብ ተማሪ «ነን-ካፌ» ተብሎ የምግቡን ገንዘብ በየወሩ በእጁ ይቀበላል። ጓደኛችን ብዙ ሳይቆይ ነን-ካፌ ሆነ። የካፌው ወጥ አልጥም ብሎት ነው ብለን ሳቅን። በኋላ እንደ ተረዳሁት ግን ከዚያች ገንዘብ ከግማሽ የሚበልጠውን ለእናቱ ይልክ ነበር፤ አባቱ ሞተው እናቱ ሦስት ታናናሾቹን ብቻቸውን ያሳድጉ ነበርና። እርሱ በቀን አንድ ጊዜ ይበላል፤ ያውም ብዙውን ጊዜ ዳቦና ሻይ ነው። ቅዳሜና እሑድ ከግቢ ወጥቶ በቀን ሥራ ሲሚንቶ ይሸከማል። እኛ ስንፍና ያልነው ረኃብና ድካም ነበር።

የመጀመሪያው መንፈቅ ዓመት ውጤት ሲወጣ ማስጠንቀቂያ ደረሰው። በሁለተኛው መንፈቅ አጋማሽ ላይ አንድ ማታ አልጋው ባዶ ሆኖ አገኘነው። ለማንም ሳይናገር ሄዷል። ፍራሹን ስናነሣ ሁለት ደብተሮች ወደቁ። ፎቶ ኮፒ ማስነሣት ስላቃተው ሃንድአውቱን ከመጀመሪያው ገጽ እስከ መጨረሻው በእጁ ገልብጦት ኖሯል። ያንኑ ሃንድአውት እኔ ገንዘብ ከፍዬ ኮፒ አስነሥቼ ከሻንጣዬ ሥር አስቀምጬው ነበር፤ ግማሹን እንኳ አልገለጥኩትም።

ድኽነት በየት በኩል ይገባል?

ብዙዎቻችን ድኽነት ማለት ገንዘብ ማጣት ብቻ ይመስለናል። ገንዘብ ማጣት ግን ራሱ ደብተር ነጥቆ አያውቅም። በልዩ ልዩ በር እየገባ ነው ተማሪውን የሚጥለው። እነዚህን በሮች አንድ በአንድ እንመልከት።

1ኛ. በምግብ በኩል። ቁርስ ያልበላ ልጅ ዓይኑ ሰሌዳው ላይ ቢሆንም ልቡ ሆዱ ላይ ነው። ጉዳቱ የዚያች ቀን ብቻ ቢሆን ኖሮ ቀላል ነበር። ነገር ግን በሕፃንነቱ ምግብ ያነሰው ልጅ ቁመቱ ብቻ ሳይሆን የመማር ኃይሉም ይቀጭጫል። ያንግ ላይቭስ የተባለው ጥናት እ.ኤ.አ. ከ2002 ጀምሮ በኢትዮጵያ በ20 አካባቢዎች ወደ 3,000 የሚጠጉ ልጆችን ከልጅነት እስከ ወጣትነት ሲከታተል ቆይቷል። ካስገነዘባቸው ነገሮች አንዱ በለጋ ዕድሜያቸው የቀነጨሩ ልጆች ትምህርት የሚጀምሩት ዘግይተው፣ በፈተናም የሚያገኙት ውጤት ዝቅ ያለ መሆኑን ነው። እንግዲህ የዩኒቨርሲቲ ውጤት አንዳንድ ጊዜ መሠረቱ የሚጣለው ልጁ ፊደል ሳይቆጥር በፊት ነው ማለት ነው።

2ኛ. በጊዜ በኩል። ባለጸጋውም ድኻውም በቀን ያለው 24 ሰዓት ነው ይባላል። እውነት ነው፤ አጠቃቀሙ ግን አንድ አይደለም። የገጠር ልጅ ከትምህርት በፊት ከብት ያሰማራል፤ በመከር ወራት ከትምህርት ይቀራል። የከተማ ድኻ ልጅ ማስቲካና ሶፍት ያዞራል፣ ጫማ ይጠርጋል፣ የጉልት ዕቃ ይጠብቃል። ሴት ልጅ ደግሞ ከሁሉ ትብሳለች፤ ውኃው፣ እንጨቱ፣ ወጡ፣ ታናናሾቿ ሁሉ እርሷን ይጠብቃሉ። የወር አበባዋ ሲመጣ ሞዴስ መግዣ አጥታ ከትምህርት የምትቀር እኅት በመካከላችን እንዳለች ልብ እንበል። መምህሩ ግን የቤት ሥራውን የሚሰጡት ለሁሉም እኩል ነው።

3ኛ. በትምህርት ቤቱ በኩል። ድኻ ልጅ የሚማረው ብዙውን ጊዜ ቤተ መጻሕፍትና ላቦራቶሪ በሌለበት፣ አንድ መጽሐፍ ለብዙዎች በሚዳረስበት ትምህርት ቤት ነው። በ2014 ዓ.ም. የ12ኛ ክፍል ብሔራዊ ፈተና ከወሰዱት 896,520 ተማሪዎች መካከል 50 ከመቶና ከዚያ በላይ ያመጡት 29,909 ብቻ ነበሩ፤ ይኸውም 3.3 ከመቶ ነው። ከሺህ የሚበልጡ ትምህርት ቤቶች አንድም ተማሪ አላሳለፉም። በ2017 ዓ.ም. ቁጥሩ ከፍ ብሎ ከ585,882 ተፈታኞች 48,929ኙ፣ ማለትም 8.4 ከመቶው አልፈዋል። መሻሻል ነው፤ ሆኖም ከመቶው ከዘጠና የሚበልጡት ወድቀዋል ማለት ነው። ይህ ሁሉ የመጣው ከድኽነት ብቻ ነው አልልም፤ የአስተማሪ እጥረት፣ የኩረጃ ልማድና ሌላም ብዙ ምክንያት አለ። ነገር ግን በእነዚያ ዓመታት የአዳሪ ትምህርት ቤቶች ውጤት ጎልቶ መታየቱን ሁላችንም ሰምተናል። እርግጥ አዳሪ ትምህርት ቤት ጎበዞቹን መርጦ ያስገባል። ሆኖም የመረጠውን ልጅ ያበላዋል፣ ያስተኛዋል፣ መብራትና መጽሐፍ ይሰጠዋል። ጎበዝ መሆን ብቻውን ይበቃ ኖሮ ይህ ሁሉ ወጪ ባላስፈለገ ነበር።

እዚህ ላይ ጓደኛዬን አስታውሱልኝ። እርሱ ከገጠር ትምህርት ቤት ወጥቶ ከእነዚያ 29,909 አንዱ ሆኖ ነው የገባው። ከመቶ ተማሪ ዘጠና ስድስቱን በልጦ የመጣውን ልጅ ነው እኛ «እንቅልፋሙ» ያልነው።

4ኛ. በአሳብ በኩል። እ.ኤ.አ. በ2013 በታተመ ጥናት ተመራማሪዎች በደቡብ ሕንድ፣ በታሚል ናዱ፣ የሸንኮራ አገዳ ገበሬዎችን አጥንተው ነበር። እነዚህ ገበሬዎች ገንዘብ የሚያገኙት አገዳው በሚቆረጥበት ጊዜ ስለሆነ ከመከር በፊት ይቸገራሉ፤ ከመከር በኋላ ደግሞ ይደላቸዋል። ተመራማሪዎቹ እነዚያኑ ሰዎች በሁለቱም ጊዜ የማሰብ ችሎታ ፈተና ሰጧቸው። አንዱ ሰው ራሱ በችግሩ ጊዜ ያገኘው ውጤት በጥጋቡ ጊዜ ካገኘው ያነሰ ሆነ። ሰውየው አልደነቆረም፤ አእምሮው ግን በዕዳ፣ በእህልና በነገ አሳብ ተይዟል። ተማሪም እንደዚሁ ነው። እናቱ የቤት ኪራይ መክፈሏን የማያውቅ ተማሪ ካልኩለስ ሲፈተን ግማሽ አእምሮው እዚያ የለም።

5ኛ. በኀፍረት በኩል። ይኸኛው በር በጣም ጠባብ ነው፤ ነገር ግን ብዙ ሰው የሚወድቅበት ነው። ድኻ ተማሪ ጥያቄ መጠየቅ ይፈራል። ጫማው ስለተቀደደ ከኋላ ይቀመጣል። ላፕቶፕ ስለሌለው ከቡድን ሥራ ይሸሻል፤ ጓደኞቹም «አይሠራም» ይሉታል። ሻይ የመጋበዝ ተራው እንዳይደርስ ብሎ ከሰው ይለያል። ለጠገበ የተራበ ያለ አይመስለውም እንደሚባለው፣ እኛም ጠይቀን አንረዳም። ልጁ በመጨረሻ የሚወድቀው በትምህርቱ ክብደት ሳይሆን በብቸኝነቱ ነው።

ዩኒቨርሲቲ ነጻ አይደለምን?

አንዳንድ ሰዎች «መንግሥት ያበላል፣ ያስተኛል፣ ሌላ ምን ያስፈልጋል?» ይላሉ። እውነት ነው፤ ይህ ባይሆን ኖሮ የብዙ ድኻ ልጅ እግር የዩኒቨርሲቲ ደጅ ባልረገጠ ነበር። ሆኖም ከ1996 ዓ.ም. ጀምሮ የወጪ መጋራት የሚባል ሥርዓት አለ። ሥርዓቱ ሲጀመር ተማሪው የምግቡንና የመኝታውን ወጪ በሙሉ፣ ከትምህርቱም ወጪ 15 ከመቶውን ከተመረቀ በኋላ ከደመወዙ እየተቆረጠ እንዲከፍል ነበር የተደነገገው። ይህ ራሱ ክፉ አይደለም፤ የተማረ ሰው ካገኘው ላይ ለሚቀጥለው ትውልድ ቢመልስ መልካም ነው። ችግሩ ያለው ወጪ መጋራቱ በማይነካቸው ጥቃቅን ነገሮች ላይ ነው። መሳፈሪያ፣ ሳሙና፣ ፎቶ ኮፒ፣ የስልክ ካርድ፣ የመመረቂያ ጽሑፍ ማተሚያ፤ እነዚህን ማንም አይሰጥም።

የኑሮ ውድነቱም ግቢ ውስጥ ይገባል። ለአንድ ተማሪ በቀን የተመደበው የምግብ በጀት 22 ብር ሆኖ ቆይቶ በ2017 ዓ.ም. ወደ 100 ብር ከፍ እንዲል መደረጉ ራሱ የገበያውን ነገር ይመሰክራል። በጀቱ ከመጨመሩ በፊት የተማረ ሰው 22 ብር ቁርስ፣ ምሳና እራት ስትሆን ምን እንደምትመስል ያውቃል።

ድኽነት ሰበብ ይሁን ወይ?

«ድኻ ሆነው የተማሩ ስንት ሰዎች አሉ፤ ድኽነት ሰበብ አይሁን» የሚል ወንድም አይጠፋም። እኔም ሰበብ ይሁን አልልም። አባቶቻችንም ድኽነትን ፈርተው ከትምህርት አልቀሩም። የቆሎ ተማሪውን ተመልከቱ። ደበሎውን ለብሶ፣ አኩፋዳውን አንግቶ፣ በዱላው ውሻ እየተከላከለ «በእንተ ስማ ለማርያም» እያለ ቁራሽ ይለምናል። ማታ ከየኔታ እግር ሥር ቁጭ ብሎ ቀለሙን ይቀጽላል። ከዚህ የበለጠ ችግር የቻለ ተማሪ የት ይገኛል?

ነገር ግን ይህን ምሳሌ እስከ መጨረሻው እንመልከተው። የቆሎ ተማሪው የተማረው በጽናቱ ብቻ አልነበረም። የመንደሩ እናቶች ቁራሻቸውን አስቀምጠው ይጠብቁታል፤ የእርሷም ልጅ በሌላ አገር እንደዚሁ እየለመነ ይሆናልና። የኔታ የትምህርት ክፍያ አይጠይቁትም። መለመኑም ነውር ሆኖ አይቆጠርበትም፤ እንዲያውም የተማሪነት ወጉ ነው። እንግዲህ ድኻውን ተማሪ ያስተማረው አገሩ በሙሉ ነበር። የዛሬው ተማሪ ከዚያ የሚለየው ችግሩን ብቻውን እንዲሸከም መተዉ ነው። «ያኛው ችሎ ተምሯል» ስንል ያኛውን ማን እንዳበላው አንርሳ።

የእኛው አገር ተማሪዎችና መምህራንም ይህን ጉዳይ ከዚህ በፊት አንሥተውታል። በ1958 ዓ.ም. የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ (የዛሬው አዲስ አበባ) ዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች በሾላ ካምፕ በለማኞች ላይ የሚደርሰውን በደል በመቃወም «ድኽነት ወንጀል ነው ወይ?» ብለው ሰልፍ ወጥተው ነበር። በየካቲት 1966 ዓ.ም. መምህራን ሥራ ካቆሙባቸው ምክንያቶች አንዱ ሴክተር ሪቪው የተባለው የትምህርት ዕቅድ የድኻውን ልጅ ከዝቅተኛ ክፍሎች አያሳልፈውም የሚል ሥጋት ነው። ከዚያ ወዲህ ብዙ ዘመን አልፏል፤ የትምህርት ቤቱም ቁጥር እጅግ በዝቷል። ጥያቄው ግን ገና ሙሉ መልስ አላገኘም።

መልስ የሚገኝ መሆኑን ግን አይተናል። በ2012 ዓ.ም. የአዲስ አበባ አስተዳደር በመንግሥት ትምህርት ቤቶች ለሚማሩ ልጆች የደንብ ልብስና ደብተር ማደል፣ ተማሪዎችንም መመገብ ሲጀምር ብዙ እናቶች እፎይ ብለዋል። አንድ ሳህን ምግብ አንድን ልጅ ከመንገድ ወደ ክፍል ይመልሳል።

እኛስ?

የትምህርት ሚኒስቴርን ሥራ እኛ መሥራት አንችልም። የምንችለው ግን አለ፤ ከራሳችን ቤት እንጀምር።

በጉባኤያችን ወርኃዊ መዋጮ አለ፤ የጉዞ ክፍያ አለ፤ ለበዓል የሚሰፋ የደንብ ልብስ አለ። ገንዘብ ሲሰበሰብ ስም እየተጠራ «ያልከፈላችሁ» ይባላል። ባለፈው ዓመት መምጣት ያቆሙትን ልጆች ቆጥረን «ቀዘቀዙ» አልን። ከመካከላቸው ስንቱ የቀዘቀዘው በእምነቱ፣ ስንቱስ በኪሱ እንደሆነ ጠይቀናልን? እኔ ሁለቱን ጠይቄ ያገኘሁት መልስ አንድ ነው፤ ስማቸው ሲጠራ አፍረው ነው የቀሩት። ስለዚህ የመጀመሪያው አሳቤ ይህ ነው፤ ያልከፈለ ሰው ስም በጉባኤ አይነበብ።

ሁለተኛ፤ ዩኒቨርሲቲ ያለን ሰዎች ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ለሁለት ሰዓት ያህል ለ8ኛና ለ12ኛ ክፍል ተማሪዎች ሒሳብና እንግሊዝኛ እናስጠና። አዳራሹ አለ፤ ሰሌዳው አለ፤ የሚያስፈልገው ጠመኔና ፈቃደኛ ልብ ነው። የድኻ ልጅ አስጠኚ መቅጠር አይችልምና እኛ አስጠኚው እንሁን።

ሦስተኛ፤ ያለፍንባቸውን መጻሕፍትና ሃንድአውቶች ሰብስበን አንድ የውሰት መደርደሪያ እናቋቁም። ከሻንጣ ሥር የተኛ ወረቀት ለአንድ ሰው የእጅ ልፋት ሊያድንለት ይችላል።

አራተኛ፤ በየዓመቱ ከመካከላችን ዩኒቨርሲቲ ለሚገባ ችግረኛ ወንድም ወይም እኅት አንድ ብርድ ልብስ፣ ሁለት አንሶላ፣ ሳሙና፣ ደብተርና መሳፈሪያ እናዘጋጅ። ይህንም ስናደርግ ጭብጨባና ፎቶግራፍ አይኑር። ቀኝ እጅ ሲሰጥ የሰፈሩ ሁሉ ከሰማ ስጦታው ራሱ ሸክም ይሆናል።

ዩኒቨርሲቲ ለምትገቡም አንድ ምክር አለኝ። ችግር ሲጸናባችሁ በሌሊት አትጥፉ። ወደ ተማሪዎች ዲን ቢሮ ሂዱ፤ ለመምህራችሁ ተናገሩ። የግድ ማቋረጥ ካለባችሁም የማቋረጫ ፎርም (ዊዝድሮዋል) ሞልታችሁ ውጡ፤ ፎርሙን የሞላ ተማሪ የመመለስ መብቱን ይዞ ይሄዳል። ዝም ብሎ የጠፋ ግን በሩን በራሱ ላይ እንደ ዘጋ ይቆጠራል። ችግርን መናገር ልመና አይደለም።

መደምደሚያ

ጓደኛዬ ፎርም ሳይሞላ ስለሄደ ሁለት ዓመት ጠፍቶበታል። የቀድሞ መምህሩ የመመለሻ ማመልከቻ ጽፈውለት፣ መሳፈሪያም ሰጥተውት ዘንድሮ ተመልሶ ገብቷል። እኔ ልመረቅ ስቃረብ እርሱ ገና ከጀማሪዎች ጋር ነው። ቤተ መጻሕፍት በር ላይ አግኝቼው ስለዚያ ቅጽል ስም ይቅርታ ጠየቅኩት። «ተወው ባክህ፤ ያን ጊዜ እንቅልፉም እውነት አምሮኝ ነበር» ብሎ ሳቀ። ከዚያ ወዲህ ምሳ አብረን እንበላለን። ደብተሮቹንም መልሼለታለሁ።

ሃምሳ ሎሚ ለአንድ ሰው ሸክሙ፣ ለሃምሳ ሰው ጌጡ ነው ይላሉ አበው። ክፍል ውስጥ ሲያንቀላፋ የምታዩት ልጅ ካለ፣ ስም ከማውጣታችሁ በፊት ቁርስ መብላቱን ጠይቁት።

የመወያያ ጥያቄዎች

1. ከላይ ከተዘረዘሩት አምስት በሮች በእኛ ሰፈር ላለ ተማሪ የትኛው ይበልጥ ክፍት ነው? ለምን?
2. የቆሎ ተማሪን ሕይወት ከዛሬው የዩኒቨርሲቲ ተማሪ ሕይወት ጋር አነጻጽሩ። በምን ይመሳሰላሉ? በምንስ ይለያያሉ?
3. ለችግረኛ ወንድም ሳያፍር ልንረዳው የምንችለው እንዴት ነው?
4. የቅዳሜውን የማስጠናት አሳብ በሥራ ለማዋል ከመካከላችን ማን፣ በየትኛው የትምህርት ዓይነት ፈቃደኛ ነው? ስማችሁን ለክፍል ተጠሪዎቻችሁ ስጡ።